አረንጓዴዋ ጥንቸል ምኗ ነው ጥበብ?

ፒፔት ያዥ — እሁድ ማታ

ሰላም ለሁላችሁ። እኔ ላብራቶሪ ነው የምሠራው። ናሙና መቀበል፣ ፒሲአር (የዲኤንኤ ምርመራ) ማስኬድ፣ ሪፖርት መጻፍ። ቀኑን ሙሉ ፒፔት፣ ማለትም ጠብታ መለኪያ፣ ስጫን ስለምውል ማታ ማታ አውራ ጣቴ ይቆረጥመኛል። ታናሽ እህቴ ደግሞ ያጠናችው ሥዕል ነው። ዛሬ ቡና እየጠጣን ስልኳን አፍንጫዬ ሥር ደቅና አንዲት ጥንቸል አሳየችኝ። አረንጓዴ ጥንቸል። እንደ ትራፊክ መብራት የምታበራ።

አልባ ትባላለች። ብራዚል ተወልዶ ቺካጎ የሚኖር ኤድዋርዶ ካትዝ የሚባል አርቲስት እ.ኤ.አ. በ2000 «ሥራዬ» ብሎ ለዓለም አስተዋወቃት። (ከዚህ በኋላ ዓመት ስጠራ ሁሉም እ.ኤ.አ. ነው።) እኔ ወዲያው ገባኝ፤ ጂኤፍፒ ነው። አንዲት የባሕር ፍጥረት፣ ጄሊፊሽ፣ ውስጥ የተገኘ ፕሮቲን ነው። ሰማያዊ ብርሃን ስታበራበት አረንጓዴ ይመልስልሃል። ተመራማሪ አንድን ጂን መከታተል ሲፈልግ ይህን ከጎኑ ይቀጥልበታል፤ የበራበት ቦታ ጂኑ እየሠራ ነው ማለት ነው። በ2008 የኬሚስትሪ ኖቤል ያስሸለመው ይኸው ፕሮቲን ነው።

ጥያቄዬ ቀላል ነው። ጂኑን ጽንሱ ውስጥ ያስገቡት የፈረንሳይ ተመራማሪዎች ናቸው። አርቲስቱ ስም አወጣላት። እኛ ስናደርገው ሥራ፣ እሱ ሲያደርገው ጥበብ? እህቴን ስጠይቃት «አንተ አይገባህም» ብላ ዘጋችኝ። እስቲ እናንተ አስረዱኝ።

ዝም ብሎ አንባቢ

ወንድሜ፣ ያንተ ችግር እኮ ስም አለማውጣትህ ነው። ነገ ናሙናዎችህን «እታለም»፣ «ማሙሽ» እያልክ መዝግብ፤ አርቲስት ነህ።

ቀለም በጣቴ

ፒፔት ያዥ፣ እህትህ ተናዳ ነው እንጂ ይገባሃል። እኔም የሥዕል ተማሪ ነበርኩ፤ ስለ አልባ ከመምህራችን ጋር ግማሽ ቀን ተጨቃጭቀናል።

በመጀመሪያ፣ ያ ፎቶ አያታልልህ። ከጫፍ እስከ ጫፍ አረንጓዴ የሆነችው ፎቶው ላይ ነው። ፈረንሳዊው ተመራማሪ ራሱ ጸጉሯ እንደዚያ አያበራም ብሎ ተናግሯል፤ ጸጉር የሞተ ነገር ነው፣ ጂን አይሠራበትም። በተራ ብርሃን ብታያት ደግሞ ቀይ ዓይን ያላት ነጭ ጥንቸል ናት። በቃ።

ሁለተኛ፣ ካትዝ «ሥራው ቀለሟ ነው» አላለም። ዕቅዱ ሦስት ነገር ነበረው፤ እንድትፈጠር ማድረግ፣ ሰው ሁሉ እንዲከራከርባት፣ በመጨረሻም ቤቱ ወስዶ ከሚስቱና ከልጁ ጋር ማኖር። ሦስተኛው አልሆነም። የምርምር ተቋሙ አልለቅም አለ። ጥንቸሏ ከግቢው ሳትወጣ ቀረች። እኔን የነካኝ ይህ ነው። ላብራቶሪ ውስጥ ቁጥር የነበረችን እንስሳ «የቤተሰቤ አባል ናት» ሲል፣ የማን ናት የሚለው ጥያቄ አፈጠጠ። የተቋሙ? የአርቲስቱ? የራሷ?

አንተ «ስም አወጣላት» ያልከውን እንደ ቀላል ነገር አየኸው። በግ ለበዓል ገዝቶ ግቢ ያሰረ ሰው ጠይቅ። ልጆች ስም ካወጡለት በኋላ ማረድ እንዴት ነው?

ፒፔት ያዥ

በጉ ላይ አሸነፍሽኝ። እኛ ቤት «ቡቺ» የተባለ በግ ነበር። ፋሲካ ዕለት እህቴ ሥጋ አልቀመሰችም።

ግን አሁንም እላለሁ፤ ጥያቄ ለማንሳት እንስሳ መሥራት ግድ ነው? ወረቀት ላይ መጻፍ አይቻልም?

ቀለም በጣቴ

ወረቀት ላይ የተጻፈውንም ወደ ሕይወት ቀይሮታልኮ! ከአልባ አንድ ዓመት ቀደም ብሎ፣ በ1999፣ ኦስትሪያ ሊንዝ ከተማ ያሳየው «ጄነሲስ» የሚባል ሥራ አለ። ከኦሪት ዘፍጥረት አንድ ዓረፍተ ነገር ወሰደ፤ ሰው የባሕርን ዓሦች፣ የሰማይን ወፎች፣ በምድር ላይ የሚንቀሳቀሰውንም ሁሉ ይግዛ የሚለውን። ወደ ሞርስ፣ ወደ ድሮው የቴሌግራም ነጥብና ሰረዝ፣ ቀየረው፤ ሞርሱን ደግሞ ወደ ዲኤንኤ ፊደል። ሰረዙ ቲ፣ ነጥቡ ሲ፣ የቃላት ክፍተቱ ኤ፣ የፊደላት ክፍተቱ ጂ። ያንን ዲኤንኤ አሠርቶ ባክቴሪያ ውስጥ ከተተው።

ከዚያ የመጣው ነው ጉዱ። ከየትም አገር በኢንተርኔት የሚከታተል ሰው አንድ ቁልፍ ተጭኖ ባክቴሪያው ላይ የአልትራቫዮሌት መብራት ማብራት ይችላል። መብራቱ ዲኤንኤውን ይለውጠዋል። ዲኤንኤው ሲለወጥ ጥቅሱ ይለወጣል። መጨረሻ ላይ ወደ እንግሊዝኛ ሲመልሱት ፊደሉ ተዛብቶ ተገኘ። አስቡት፤ ከተጫንክ በፍጥረት ላይ ገዢ ሆንክ ማለት ነው። ካልተጫንክ ደግሞ «ግዙ» የሚለውን ቃል እንዳለ ተቀበልክ።

የቆሎ ተማሪ ነበርኩ

ከዳር ሆኜ ሳነብ ነበር፣ እዚህ ላይ ግን ዝም ማለት አልቻልኩም።

የእኛ መጽሐፍ «ግዙአቸው» ነው የሚለው። ሰውየው አማርኛ ቢያውቅ ኖሮ ሥራው እጥፍ ይሆንለት ነበር። በእኛ ቋንቋ «ገዛ» ማለት ነገሠበት ማለት ነው፤ «ገዛ» ማለት ደግሞ ገንዘብ ከፍሎ ወሰደ ማለት ነው። አንድ ግሥ፣ ሁለት ነገር። የጂን ምርምር ዛሬ የደረሰበት ቦታም እዚያው መሐል አይደለም እንዴ? የፈጠረው ሳይሆን የገዛው ነው የሚገዛው።

ሁለተኛ፣ ወሬያችሁን ለሰማ ጥበብ በእንስሳ መሥራት አዲስ ነገር ይመስላል፤ እኔ አልቀበልም። እኔ በልጅነቴ ብራና ሲዘጋጅ አይቻለሁ። የፍየል ቆዳ ይዘፈዘፋል፣ መወጠሪያ እንጨት ላይ ይወጠራል፣ ይፋቃል፣ በድንጋይ ይታሻል። ሽታውን አሁንም አስታውሳለሁ። ደህና አድርጎ ያልተፋቀ ብራና ላይ ጣትህን ብታሳልፍ የጸጉሩ ሥር ይቆረቁርሃል። ያ ሁሉ ቅዱስ ሥዕል የተሣለው እንስሳ ገላ ላይ ነው።

የሚገርመው ደግሞ እንግሊዝ አገር የዮርክ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች በ2015 ያወጡት ሥራ ነው። ብራናውን ሳይቆርጡ፣ በተራ ላጲስ ቀስ ብለው አሹት። የላጲሱን ፍርፋሪ ሰበሰቡ። ከፍርፋሪው ላይ በተገኘው ፕሮቲን ብራናው የጥጃ ይሁን፣ የበግ ወይስ የፍየል ለዩ። እኛ ላጲሱን እፍ ብለን ነበር የምንጥለው!

ፒፔት ያዥ

የቆሎ ተማሪ፣ የላጲሱን ነገር ለሥራ ባልደረቦቼ ነገርኳቸው። አንዱ «ማጥፊያው መዝገብ ሆነ» አለ። ቀኑን ሙሉ ሲደጋግመው ዋለ።

ጆሮ ያየሁት

ከጀርመን ነኝ። ማንበብ ብቻ ሳይሆን በዓይኔ ያየሁትን ልንገራችሁ። በ2014 ካርልስሩኸ በሚገኘው ዜድካኤም ሙዚየም አንድ ጆሮ ቀርቦ ነበር። «የቫን ጎህ ጆሮ» ነው የተባለው፤ የገዛ ጆሮውን የቆረጠው ሠዓሊ። ሠሪዋ ዲሙት ሽትሬበ ትባላለች። ከቫን ጎህ ወንድም ከቴዎ የዘር ሐረግ የሚወለድ ሰው ሴል ሰጣት፤ ያ ሴል በጆሮ ቅርጽ እንዲያድግ ተደረገ። ፈሳሽ ውስጥ ተቀምጧል። ከፊቱ ማይክሮፎን አለ፤ ታወራዋለህ።

ወረፋ ያዝኩ። ከፊቴ የነበሩት ሰዎች ሳቅ ሳቅ እያላቸው አንድ ሁለት ቃል ብለው ያልፋሉ። ተራዬ ሲደርስ ምን እንደምል ጠፋኝ። «እንደምን ዋልክ» አልኩት በአማርኛ። መልስ የለም እንግዲህ። ዞር ስል አንዲት አሮጊት በጣም ኮስተር ብለው እያዩኝ ነበር፤ ለቅሶ ቤት ገብቼ የሳቅሁ ያህል ተሰማኝ።

ጥበብ ነው ወይ? እኔ እንጃ። ግን አሥራ ምናምን ዓመት አልፎት አልረሳሁትም። በዚያው ዓመት ያየኋቸውን ሥዕሎች ጥሩ ብትሉኝ አንዱን አልጠራላችሁም።

ዝም ብሎ አንባቢ

ጆሮ ዳባ ልበስ ማለት ይሄኔ ነው።

ማዕተብ

ሁላችሁም ትስቃላችሁ። ፈጣሪ የሠራውን መነካካት ድፍረት ነው። ጥንቸል ነጭ ሆና ከተፈጠረች ነጭ ትሁን። ነገ ሰውን አረንጓዴ እናድርግ ሊሉ ነው።

የቆሎ ተማሪ ነበርኩ

ወንድሜ ማዕተብ፣ ስጋትህን አልንቅም። ግን በቅሎስ? አህያና ፈረስ አዳቅለን የምንጭናት በቅሎ የማን ሐሳብ ናት? መስመሩ የት እንደሆነ ንገረኝና አብረን እንቁም። እኔ እስካሁን ፈልጌ አላገኘሁትም።

አስተናባሪ

ክርክሩ ደስ ይላል። ሃይማኖት ላይ ስድብ እንዳይገባ ብቻ አደራ።

ቀለም በጣቴ

ማዕተብ «ነገ» ያለው ትናንት ነው። በ1936 ኒው ዮርክ ዘመናዊ ጥበብ ሙዚየም ውስጥ ኤድዋርድ ስታይክን የሚባል ፎቶ አንሺ ለአንድ ሳምንት ያህል አበባ አሳየ። ፎቶ አይደለም፤ ራሱን አበባውን። ዴልፊኒየም የሚባል ረጅም አበባ ለብዙ ዓመታት እያዳቀለ ያወጣውን ዝርያ። ያኔ የዲኤንኤ ቅርጽ ገና አልታወቀም፤ እሱ የታወቀው በ1953 ነው።

ብቻ እኔ የምወደውን ልንገራችሁ፤ ጃኬቷን። አውስትራሊያ ፐርዝ ከተማ፣ የምዕራብ አውስትራሊያ ዩኒቨርሲቲ ውስጥ የነበሩ ኦሮን ካትስና ዮናት ዙር የሚባሉ አርቲስቶች በ2004 አንዲት ትንሽዬ ጃኬት አሳደጉ። ከአውራ ጣት ብዙም አትበልጥም። ስፌት የላትም። በሚሟሟ ፕላስቲክ ቅርጽ ላይ የተዘራ ሴል ነው ያደገው። «ተጎጂ የሌለው ቆዳ» አሏት፤ እንስሳ ሳይታረድ የተገኘ ቆዳ ማለታቸው ነው።

በ2008 ያው የኒው ዮርኩ ሙዚየም አቀረባት። ጃኬቷ ግን ማደጓን አላቆመችም። ከሚጠበቀው በላይ ፈጠነች፤ አንዱ እጅጌ ሊገነጠል ደረሰ፣ ሴሉ የምግብ መስመሯን መድፈን ጀመረ። አዘጋጇ ፓኦላ አንቶኔሊ ምግቧን እንድታቋርጥ ተገደደች። ማለትም ገደለቻት። ሴትየዋ ከዚያ በኋላ በግልጽ የተናገረችው ነገር ነው፤ ውሳኔው ከብዷት ነበር። ሥዕል አውርዶ መጋዘን ማስገባት ለለመደ ሰው ይህ ምን ዓይነት ሥራ ነው?

ፒፔት ያዥ

ቆይ ቆይ። «ተጎጂ የሌለው» አልሽ? ሴሉን ምን አበሉት? እንደዚያ ዓይነት ሴል ብዙ ጊዜ የሚያድገው ሴረም ተጨምሮለት ነው። ሴረሙ የሚገኘው ከጥጃ ሽል ደም ነው። ላሟ ስትታረድ ከማሕፀኗ ከሚወጣው ጥጃ። ተጎጂው አለኮ፤ ጠርሙስ ውስጥ ነው።

ቀለም በጣቴ

ያዝኩህ! አርቲስቶቹም የሚሉት ይህንኑ ነው። ስሙ ምጸት ነው። ሰው ኤግዚቢሽኑን አይቶ «ጎበዝ፣ ከእንግዲህ እንስሳ አይሞትም» ብሎ ሊሄድ ሲል የሴረሙን ነገር ይነግሩታል። አሁን አንተ የተናደድከው ንዴት ነው ሥራው።

ፒፔት ያዥ

ይህቺን ወድጃታለሁ። አምናለሁ። ጥንቸሏ ላይ ግን እንዳለሁ ነኝ።

ሲልቨር ስፕሪንግ

ከአሜሪካ ነኝ፣ ነርስ ነኝ። ሌሊት ፈረቃ ላይ ሆኜ ነው የማነባችሁ።

እኔን ያስደነገጠችኝ ሄዘር ዲዊ-ሃግቦርግ የምትባል አርቲስት ናት። አንድ ቀን የሥነ ልቦና ባለሙያ ዘንድ ተቀምጣ ግድግዳው ላይ ያለ ሥዕል ታያለች። የሥዕሉ መስተዋት ተሰንጥቋል፣ ስንጥቁ ውስጥ አንድ ጸጉር ተሰክቷል። የማን ይሆን ብላ ታስባለች። ከዚያ ኒው ዮርክ ጎዳና ላይ የወደቀ ማስቲካ፣ የሲጋራ ቁራጭ፣ ጸጉር እየለቀመች ዲኤንኤ ማውጣት ጀመረች። ጾታ፣ የዓይን ቀለም፣ የዘር ምንጭ ገምታ በሦስት አቅጣጫ (3ዲ) ማተሚያ ፊት ሠራች። ፊቱን ግድግዳ ላይ ትሰቅላለች፤ ከሥሩ ማስቲካው ራሱ በሣጥን ይቀመጣል። እኛ ሆስፒታል ለአንድ የደም ናሙና ስንት ፊርማ እንደምንሰበስብ ብታውቁ!

ደግሞ መልሳ ራሷ አፈረሰችው። በ2017፣ የአሜሪካ ጦር ምስጢር አውጥታ እስር ቤት ከነበረችው ከቼልሲ ማኒንግ በተላከላት ዲኤንኤ ሠላሳ ፊት ሠራች። አንድ ዲኤንኤ፣ ሠላሳ የማይመሳሰሉ ሰዎች። ዲኤንኤ እንዲህ ነው ፊትህ ብሎ እንደማይናገር፣ ተርጓሚው እንደሚጨምርበት ለማሳየት ነው።

እዚህ አገር ምራቅ ልኮ ዘር ማስቆጠር ፋሽን ነው። የአክስቴ ልጅ ለገና ስጦታ ብላ አመጣችልኝ። ውጤቱ ሲመጣ ለእናቴ ደውዬ አነበብኩላት። «እኔ ሰባት ቤት ቆጥሬ በነጻ እነግርሽ የለም እንዴ! ስንት አስከፈሉሽ?» አለችኝ። ከዚያ ስልክ ላይ ቆጠረችልኝ። ስድስተኛው ላይ ተሳስታ ከእንደገና ጀመረች።

የቆሎ ተማሪ ነበርኩ

እናትሽን ሰላም በይልኝ። ሰባት ቤት መቁጠር ዝምድና ያላቸው እንዳይጋቡ ነው። ጂን የሚል ቃል ሳይኖር ሥራው ነበር።

የቢሾፍቱ ዶሮ ቤት

ልጆቼ፣ የኔ ልጅ ናት ይህን ያሳየችኝ። ሰባት ቤት ስትሉ የዶሮ ነገር ትዝ አለኝ። አንድ የቤልጂግ ሰውዬ ዶሮ እያዳቀለ ጥበብ ነው ይላል፣ እዚህም መጥቶ ነበር አለችኝ። እውነት ነው?

ቀለም በጣቴ

እትዬ፣ እንኳን ደህና መጡ! እውነት ነው። ኩን ቫንሜኸለን ይባላል። በ1999 የቤልጂግን ዶሮ ከፈረንሳይ ብረስ ከሚባለው ዶሮ ጋር አዳቀለ። የብረስ ዶሮ አናቱ ቀይ፣ ላባው ነጭ፣ እግሩ ሰማያዊ ነው፤ ፈረንሳዮች ባንዲራችን ነው ብለው ይኮሩበታል። የተወለደውን ደግሞ ከእንግሊዝ፣ ቀጥሎ ከአሜሪካ፣ እንዲህ እያለ ከየአገሩ ዶሮ ጋር ያዳቅላል። ሐሳቡ፣ «ንጹሕ ዘር» ብለን የዘጋንበት ዝርያ እየደከመ ይሄዳል፣ ድብልቁ ይጠነክራል የሚል ነው። በእርግጥ የሚያወራው ስለ ሰው ነው። በ2018 አዲስ አበባ፣ የእንስሳት ምርምር ተቋሙ ኢልሪ ግቢ ውስጥ፣ ከተመራማሪዎችና ኢትዮቺክን ከሚባለው የዶሮ ድርጅት ጋር ሆኖ «ኢንኪዩቤትድ ወርልድስ» የሚል ሥራ ከፍቷል። ማራቢያም ነው፣ ኤግዚቢሽንም ነው።

የቢሾፍቱ ዶሮ ቤት

እንዲያ ነው! እንግዲህ ስሙኝ። እናቴ ገብስማ አውራ ዶሮ ነበራት፣ ጉትያ ያለው። ዓመት በዓል ሲደርስ ነጋዴ በእጥፍ ቢለምናትም አትሸጠውም። ከሁለት ዓመት በኋላ ግን ራሷ ይዛው ከጎረቤት አውራ ጋር ትለዋወጣለች። ለምን ስላት «የራሱን ልጆች ሊያጠቃ ነው፣ ጫጩቱ ይከሳል» ትለኛለች። የምታቅፈውን ዶሮ ትመርጣለች። እንቁላሉን በኩራዝ አሻግራ ታያለች። ሀያ አንድ ቀን ትቆጥራለች። የቤልጂጉ ሰውዬ ያለውን ሁሉ ታውቅ ነበር። ኤግዚቢሽን አላሳየችም እንጂ።

አሁን እኔ የማረባው የፈረንጅ ዶሮ ነው። በዓመት ወደ ሦስት መቶ እንቁላል ትጥላለች። የአበሻዋ ስድሳ ከጣለች እሰይ ነው። ግን የፈረንጇ መታቀፍ ረስታለች። እንቁላሏን ትጥልና ዞር ብላም አታየው። አንዳንድ ቀን ጠዋት ስለቅም ይህ ነገር ይከነክነኛል። ማን አስረሳት? ሰው ነው። ለኔ ሲል። ሰውዬው ጥበብ የሚሠራ ከሆነ ይህን ይሥራልኝ።

ፒፔት ያዥ

እትዬ፣ መልስ የለኝም። መታቀፍ ጂን ውስጥ ያለ ነገር ነው፤ በብዙ ትውልድ ምርጫ ወጥቷል። ስለ አልባ ስንጨቃጨቅ እኔ «ተነካካች» የሚለው አልቆረቆረኝም ነበር። የእርስዎ ዶሮ ግን ቆረቆረችኝ።

ጆሮ ያየሁት

እትዬ እዚህ ቢመጡና ሙዚየሙ ቢያናግራቸው!

ዝም ብሎ አንባቢ

እኔ አሁን ቀልድ አጣሁ። ዶሮ ወጥ እበላለሁ ብዬ ነበር፣ እሱም ቀረ።

ፒፔት ያዥ — ቅዳሜ ማታ

ውይይቱ ሳይዘጋ አንድ ነገር ልጨምር።

ለእህቴ ውይይታችሁን በሙሉ አስነበብኳት። «እንሞክር» አለችኝ። አለቃዬን አስፈቅጄ ትናንት ከሥራ በኋላ ይዣት ገባሁ። ጋዋን፣ ጓንት፣ ሁሉም ተሟልቶ። በሽታ የማያመጣ፣ ለልምምድ የምንይዘው ኢ.ኮላይ የሚባል ባክቴሪያ ነበረን። አጋር፣ ማለትም ባክቴሪያ የሚያድግበት የረጋ ምግብ፣ የፈሰሰበት ፕሌትና ሉፕ ሰጠኋት። ሉፕ ማለት ጫፉ ቀለበት የሆነ ቀጭን ሽቦ ነው። እሱን ባክቴሪያው ውስጥ እየነከረች ሣለች።

ችግሩ፣ ስትስል ምንም አይታይም። ቀለም የለውማ። እርጥበቱ ትንሽ ያብለጨልጫል፣ ከዚያ ይጠፋል። «የት ደርሼ ነበር?» እያለች ሦስት ጊዜ ጠየቀችኝ። የእትዬን እናት አውራ ዶሮ ነው የምትስለው። ፕሌቱን ገልብጠን ሠላሳ ሰባት ዲግሪ ኢንኩቤተር ውስጥ ከተን ወጣን።

ዛሬ ጠዋት ከፈትኩት። ዶሮው አለ! ነጣ ያለ፣ ወፈር ያለ መስመር። ጉትያው አብጦ ጭንቅላቱን አክሏል። ጅራቱ ላይ እኔ ያልዘራሁት፣ እሷም ያልሣለችው አንድ ክብ ቢጫ ነገር በቅሏል። ከአየር የገባ ነው። በሥራዬ እንዲህ ዓይነት ፕሌት ባይ ተበላሽቷል ብዬ እጥላለሁ። እሷ «እንዳትነካው፣ ከሁሉ የሚያምረው እሱ ነው» አለች።

ከዚያ ያው ሕጉ መጣ። የተዘራ ነገር ከላብራቶሪ አይወጣም፤ አውቶክሌቭ፣ በእንፋሎት ጀርም የሚገድለው ማሽን ውስጥ፣ ይገባል፣ መቶ ሀያ አንድ ዲግሪ። ነገርኳት። ዝም አለች። ማሽኑን እኔ በቀን ሁለቴ ሦስቴ አስነሳዋለሁ፣ ዛሬ ግን ቁልፉ ጋ ደርሼ ትንሽ ቆምኩ። «ስም አውጥተንለት ነበር?» አልኳት። «አላወጣንም፣ ተጫነው» አለችኝ።

የቢሾፍቱ ዶሮ ቤት

ፎቶውን ለጥፈው እንጂ ልጄ፣ የናቴን ዶሮ ልየው።

ፒፔት ያዥ

እትዬ፣ እኛ ዘንድ ስልክ ወደ ውስጥ አይገባም። እህቴ ቤት ስትደርስ ያየችውን በእርሳስ ሥላዋለች። ነገ እለጥፈዋለሁ። ቢጫውን ግን ከልክ በላይ አሳምራዋለች።